ሰላይ የተባለውን የቦስተን ሐኪም በሰነድ መከተል፦ የፋውንደርስ ኦንላይን ግምገማ

በአሜሪካ የነጻነት ጦርነት መጀመሪያ ለእንግሊዝ ሰልሏል የተባለውን የዶክተር ቤንጃሚን ቸርችን ጉዳይ ከወሬ ወጥቶ በዋናው ሰነድ ማንበብ ለሚፈልግ ሰው፣ የአሜሪካ መሥራቾችን ደብዳቤዎች በኢንተርኔት የሚያስነብበው ፋውንደርስ ኦንላይን ቀዳሚው አገልግሎት ነው፤ ብቻውን ከተነበበ ግን ያሳስታል። ክሱን፣ ምርመራውንና የጦር ሸንጎውን ውሎ ቁልጭ አድርጎ ያሳያል። ሰውየው የምር ሰላይ ነበር ወይስ እሱ እንዳለው የወገኑን ኃይል አጋኖ ጠላትን ሊያስፈራራ የሞከረ አርበኛ? ይህን የሚቆርጠው ወረቀት እዚያ የለም፤ ሌላ ቤት መሄድ ግድ ይላል። ስለዚህ አገልግሎቱን ከጎረቤቶቹ ጋር እያስተያየን እንሄዳለን። ዓመታቱና ወራቱ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

አገልግሎቱን ያቋቋመው የአሜሪካ ብሔራዊ ቤተ መዛግብት ከቨርጂኒያ ዩኒቨርሲቲ ማተሚያ ቤት ጋር ሆኖ ነው፤ የተከፈተው በ2013 ነው። ዋሽንግተን፣ ፍራንክሊን፣ ጆን አዳምስ፣ ጀፈርሰን፣ ማዲሰን፣ ሃሚልተንና ጄይ የጻፏቸውም የተጻፉላቸውም ከ180,000 በላይ ሰነዶች በአንድ የፍለጋ ሳጥን ሥር ተሰብስበዋል። ክፍያ የለም፣ ምዝገባም አይጠይቅም። ገጹ ጽሑፍ ብቻ በመሆኑ ኢንተርኔት ሲደክምም ይከፈታል፣ በስልክም ያለ ችግር ይነበባል። ድክመቱም የሚመጣው ከዚሁ ነው፦ የእጅ ጽሑፉ ፎቶ የለም። የሚነበበው አርታኢዎች ፈትሸው በታይፕ የገለበጡት ነው። ለአብዛኛው ደብዳቤ ይህ ይበቃል። በቸርች ጉዳይ ግን ዋናው ማስረጃ በምስጢር ምልክት የተሞላ ወረቀት ስለሆነ ግልባጭ ብቻውን አያጠግብም።

ቸርች ተራ ሐኪም አልነበረም። በ1734 ኒውፖርት፣ ሮድ አይላንድ ተወልዶ፣ በ1754 ከሃርቫርድ ወጥቶ፣ ሕክምናውን ለንደን ድረስ ሄዶ አጎልብቶ ቦስተን ውስጥ ስመ ጥር ቀዶ ሐኪም ሆነ። በማርች 1770 የእንግሊዝ ወታደሮች ሕዝብ ላይ ሲተኩሱ የተገደለውን የክሪስፐስ አታክስን አስከሬን የመረመረው እሱ ነው። ከተማዋ ባሳተመችው የምስክርነት ጥራዝ ውስጥ የሰጠው ቃል የሙያውን ደረጃ ይናገራል፦ ጥይቱ በቀኝ በኩል በሁለተኛው የጎድን አጥንት፣ ከደረት አጥንቱ አንድ ኢንች ተኩል ውስጥ ገብቷል፤ በሰያፍ ወደ ታች ወርዶ ድያፍራሙን፣ ጉበቱንና የሐሞት ከረጢቱን በስቷል፤ ትልቁን የደም ቧንቧ ለሁለት ከሚከፈልበት ትንሽ ከፍ ብሎ በጥሶ ከአከርካሪው በስተግራ ወጥቷል። በ1773 የዚያን ቀን መታሰቢያ ንግግር እንዲያደርግ የተመረጠው ይኸው ሰው ነበር። ጁላይ 27 ቀን 1775 ደግሞ የአማፅያኑ ግዛቶች ጉባኤ የሆነው ኮንግረስ የአዲሱን ሠራዊት ሆስፒታል ዋና ዳይሬክተርና ዋና ሐኪም አድርጎ ሾመው። ከሁለት ወር ብዙም አልዘለለበትም።

አሁን ወደ ፍለጋው። ብዙ ሰው የሚሰናከለው በመጀመሪያዋ ቃል ነው። ቸርች የሚለውን ብቻ ጽፋችሁ ብትፈልጉ በደብዳቤዎቹ የተጠቀሰው ቤተ ክርስቲያን ሁሉ ይጎርፍባችኋል። ሙሉ ስሙን በእንግሊዝኛ ፊደል በትምህርተ ጥቅስ ውስጥ ማስገባት ጎርፉን ይቀንሳል፤ ግን አዲስ ችግር ያመጣል፤ በዘመኑ ደብዳቤዎች ሰውየው አብዛኛውን ጊዜ የሚጠራው «ዶክተር ቸርች» እየተባለ ነው፣ ማዕረጉም አንዴ በሙሉ አንዴ በአሕጽሮት ይጻፋል። ስለዚህ ሁለቱንም አጻጻፍ ለየብቻ ፈልጉና ዘመኑን ከጁላይ እስከ ዲሴምበር 1775 ገድቡ። ውጤቱን በቀን ቅደም ተከተል አስደርድሩት፤ ይህ ካልተደረገ የኦክቶበሩ መልስ ከሴፕቴምበሩ ጥያቄ ቀድሞ ይመጣና ነገሩ ይምታታል።

ሞክሼዎቹም ያስቸግራሉ። ጆን ባርከር ቸርች የሚባለው ነጋዴ የሃሚልተን ሚስት እህት ባል ነው፤ በሃሚልተን ወረቀቶች ውስጥ በየቦታው አለ፣ ከሐኪሙ ጋር አይገናኝም። ከሐኪሙ ቅድመ አያቶች አንዱ የሆነው ኮሎኔል ቤንጃሚን ቸርችም በ17ኛው ክፍለ ዘመን ጦርነት የታወቀ ሰው ነው፣ ስማቸው ፊደል በፊደል አንድ ነው። ከዓመቱ በቀር መለያ የለም። የዘመኑን የፊደል አጣጣል አርታኢዎቹ እንዳለ ትተውታል፤ ስለዚህ የምስጢር ጽሑፍ የሚለውን የእንግሊዝኛ ቃል ዛሬ በሚጻፍበት «አይ» ብቻ ሳይሆን በ«ዋይ» አጻጻፉም ፈልጉት። የቸርችን የምስጢር ደብዳቤ ለባለሥልጣን ያደረሰው ዳቦ ጋጋሪ ጎድፍሪ ዌንዉድም ስሙ በተለያየ ፊደል ይመጣል።

ከየት ይጀመር ለሚለው ምክራችን አንድ ነው፦ የሠራዊቱ አዛዥ ዋሽንግተን ኦክቶበር 5 ቀን 1775 ለኮንግረሱ ፕሬዚዳንት ለጆን ሃንኮክ ከጻፈው ሪፖርት። ነገሩን ከሥሩ ጀምሮ በተራ ያስረዳል። ቸርች በጁላይ አንድ በምስጢር ምልክት የተጻፈ ደብዳቤ ለውሽማው ይሰጣታል፤ እሷ ኒውፖርት ላለው ዳቦ ጋጋሪ ታስረክበዋለች፤ ለእንግሊዝ የጦር መርከብ አዛዥ ወይም ለንጉሡ ሹማምንት አድርስልኝ ትለዋለች። ደብዳቤው ቦስተን ውስጥ ላለ አንድ የእንግሊዝ ሻለቃ የተላከ ነበር። ጋጋሪው ጠረጠረና አስቀመጠው፤ አንድ አስተማሪ ወዳጁ ሲከፍተው ምልክት ብቻ ሆኖ ተገኘ። በሴፕቴምበር ሴትዮዋ ደብዳቤው ለምን አልደረሰም ብላ ስትጽፍለት ነገሩ ከባድ መሆኑ ገባውና ለሮድ አይላንድ ባለሥልጣን ይዞ ሄደ፤ ከዚያ ወደ ጄኔራል ናትናኤል ግሪን፣ ከግሪን ወደ ዋሽንግተን ደረሰ። ሴትዮዋ ብዙ ከተከራከረች በኋላ የሐኪሙን ስም ተናገረች። ቸርች ሲያዝ ደብዳቤው የእኔ ነው ብሎ አመነ፤ ግን ለአማቹ የተጻፈ፣ ጥፋት የሌለበት ወረቀት ነው አለ። እንዲህ ካለ ምልክቱን ለምን ራሱ አልፈታም? ወረቀቶቹ ሲፈተሹም ምንም አልተገኘባቸውም፤ ከፈታሾቹ በፊት የቸርች ሰው ደርሶባቸው እንደነበር ተሰማ።

ከዚህ ቀጥሎ የኦክቶበር 3 እና 4 የጦር ሸንጎ ቃለ ጉባኤ ይነበብ። አጭር ነው፣ ደረቅም ነው፤ ቁም ነገሩ ያለው ግን እዚህ ላይ ነው። ጄኔራሎቹ ሐኪሙ ከጠላት ጋር በወንጀል ደብዳቤ ተጻጽፏል ብለው በአንድ ድምፅ ከተስማሙ በኋላ ቅጣቱን ለመወሰን የሠራዊቱን ደንብ ገለጡ። አንቀጽ 28 ከጠላት ጋር መጻጻፍን ይከለክላል፣ ቅጣቱን ግን ለጦር ፍርድ ቤት ይተወዋል። አንቀጽ 51 ደግሞ ፍርድ ቤቱን ያስረዋል፦ ሞት በግልጽ ካልተጻፈ ሞት የለም፤ ከማዕረግ መሻር፣ ከ39 የማይበልጥ ጅራፍ፣ ከሁለት ወር ደመወዝ የማይበልጥ መቀጮ፣ ከአንድ ወር የማይበልጥ እስር፤ በቃ። የሠራዊቱ ዋና ሐኪም ሰላይ ነው ተብሎ በአንድ ወር እስር ሊለቀቅ ነው ማለት ነው። ጄኔራሎቹ ጉዳዩን ወደ ኮንግረስ የገፉት ለዚህ ነው። ኮንግረሱ በኖቬምበር 7 ደንቡን አሻሽሎ የሞት ቅጣት ጨመረ፤ ቸርች ግን የተያዘው ከዚያ በፊት ስለሆነ ወደ ኋላ ተመልሶ አልነካውም። ሐኪሙ ለምን አልተሰቀለም እያሉ ስለ ወዳጆቹ ተጽዕኖ የሚያወሩ ጽሑፎች ብዙዎቹ ይህን ቃለ ጉባኤ አላነበቡም።

የግርጌ ማስታወሻዎቹ የአገልግሎቱ ትልቁ ሀብት ናቸው። የ1775 የዋሽንግተን ወረቀቶች በሙሉ ማብራሪያ ስለታተሙ ማን ማን እንደሆነ፣ የትኛው ቅጂ የት እንደሚገኝ እዚያው ተጽፏል። አሕጽሮቶቹን ማወቅ ይጠቅማል፦ ዲ-ኤል-ሲ ሲል ኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት፣ ኤም-ኤች-አይ ሲል የማሳቹሴትስ ታሪክ ማኅበር፣ ኤም-አይ-ዩ-ሲ ሲል በሚሺጋን ዩኒቨርሲቲ ያለው ክሌመንትስ ቤተ መጻሕፍት ነው። ጎረቤቶቹ የምንላቸው እነዚህን ሦስቱን ነው። ክፋቱ፣ ማስታወሻው አድራሻውን ይነግራችኋል እንጂ ተጭናችሁ አትሻገሩም፤ እያንዳንዱን ራሳችሁ ሄዳችሁ መፈለግ አለባችሁ። የማጣቀሻ አጻጻፉን ግን ከየሰነዱ ሥር ተዘጋጅቶ ታገኙታላችሁ፣ ቋሚ ሊንክም አለው።

የምስጢር ደብዳቤውን በዓይን ለማየት ኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ነው መሄጃው። የጆርጅ ዋሽንግተን ወረቀቶች ክምችት ውስጥ ገብታችሁ አራተኛውን ተከታታይ፣ ማለትም አጠቃላይ ደብዳቤዎችን ምረጡ፤ ከዚያ የሐኪሙን ስም ከተቀባዩ ከሻለቃ ኬን ስም ጋር አጣምራችሁ ጁላይ 1775 ላይ ፈልጉ። እዚህ የሚያበሳጨው የምስሉ ጥራት ነው። የዋሽንግተን ወረቀቶች አብዛኛው ምስል ዋናው ወረቀት በቀጥታ ተቃኝቶ የተገኘ አይደለም፤ ከቆየ ማይክሮፊልም የተወሰደ ጥቁርና ነጭ ነው። ከጀርባ የዘለቀ ቀለም ከፊት ካለው ጋር ይደባለቃል፣ ነጥብና የቆሻሻ ጠብታ አይለይም። ስለዚህ ትንሹን የጄፔግ ፋይል አውርዳችሁ አታትሙ፤ ከሚሰጣችሁ ምርጫ ትልቁን አውርዱና በስክሪን ላይ አጉልታችሁ አንብቡ።

ምስጢሩን ራሱ ለመፍታት ለሚሞክር፣ ቸርች የተጠቀመው ቀላሉን ዓይነት ነው፦ እያንዳንዱ የእንግሊዝኛ ፊደል ሁልጊዜ በአንድ ምልክት ይተካል። ድክመቱም እዚህ ላይ ነው፤ ምልክቱ ቢለወጥም የፊደሉ ብዛት አይለወጥም። ምልክቶቹን በሙሉ ገልብጣችሁ እያንዳንዱ ስንት ጊዜ እንደመጣ ቁጠሩ። በእንግሊዝኛ ከመቶ ፊደል 12 ወይም 13 የሚሆነው «ኢ» ነው፤ «ቲ» 9 ያህል ይሆናል። አንደኛ የወጣውን ምልክት «ኢ» ብላችሁ ያዙና በእሱ የሚያልቁ፣ ደጋግመው የሚመጡ ባለ ሦስት ምልክት ቡድኖችን ፈልጉ፤ አብዛኞቹ እንግሊዝኛ በየዓረፍተ ነገሩ የሚረጨው «ዘ» ይሆናሉ፣ በዚያውም «ቲ» እና «ኤች» ይወጣሉ። ከዚያ ድርብ ምልክቶችን እዩ። ሥራው የሚበላሸው ሰው ከምስሉ ሲገለብጥ ሁለት ተቀራራቢ ምልክቶችን እንደ አንድ ሲቆጥር ነው፤ ቆጠራው ይዛባና «ኢ» ሁለተኛ ወይም ሦስተኛ ላይ ይወድቃል። ገና ሳይጀመር የምልክቶቹን ሰንጠረዥ መሥራት የሚያስፈልገው ለዚህ ነው።

ዋሽንግተን ሥራውን ያሠራበት መንገድ ዛሬም የሚመሰገን ነው። አንዱን ቅጂ ለቄሱ ለሳሙኤል ዌስት፣ ሌላውን ለኤልብሪጅ ጌሪና ለኮሎኔል ኤሊሻ ፖርተር ሰጠ፤ ለየብቻ ሠርተው ያመጡት ፍቺ ገጠመ። (ጌሪ ኋላ ምክትል ፕሬዚዳንት የሆነው፣ የምርጫ ክልልን ቆርጦ መቀጠል በስሙ የተጠራበት ሰው ነው።) የተፈታው ጽሑፍ የሚጀምረው ሦስት ጊዜ ለመላክ ሞክሮ እንዳልተሳካለት፣ በመጨረሻው ሙከራ መልእክተኛው ሲያዝ ደብዳቤው በሱሪው ወገብ ውስጥ ተሰፍቶ እንደተረፈ በመናገር ነው። ስለ መድፍ፣ ስለ ሠራዊቱ ብዛትና ስለ ባሩድ ይዘረዝራል፤ የአሜሪካኖቹን ቆራጥነት ያወድሳል። የሚዘጋውም «ጥንቃቄ ሁሉ ይደረግ፣ አለዚያ ጠፋሁ» በሚል ቃል ነው። መከላከያውን የሚያጠናክረውም የሚያፈርሰውም በአንድ ገጽ ላይ አለ፦ የተጋነነ የኃይል ወሬ ለጠላት ማስፈራሪያ ሊሆን ይችላል፣ በሱሪ ወገብ የሚሰፋ ደብዳቤ ግን ለአማች ሰላምታ አይመስልም።

የማሳቹሴትስ ታሪክ ማኅበር ድረ ገጽ ከሁሉም ንጹሕ ነው። የቦስተኑ አርበኛ ፖል ሪቪር በ1798 ገደማ ለማኅበሩ ሰው ለጄረሚ ቤልክናፕ የጻፈው ደብዳቤ የየገጹ ምስልና ግልባጩ ጎን ለጎን ይታያል፤ ፋውንደርስ ኦንላይን ሊኖረው የሚገባው ይህ ነበር። ሪቪር የሚለው በግሪን ድራጎን መጠጥ ቤት በመሐላ የሚሰበሰቡ ሰዎች የተናገሩት ሁሉ ገዥው ጄኔራል ጌጅ ዘንድ ይደርስ እንደነበር፤ ከሌክሲንግተን ውጊያ ማግስት ቸርች ካልሲው ላይ ያለ ደም እንዳሳየው፤ ጥቂት ቀን ቆይቶም በጠላት እጅ ወዳለችው ቦስተን እገባለሁ ብሎ መነሳቱን ነው። ከአርበኞቹ መሪዎች አንዱ የነበረው ዶክተር ዋረን ይሰቅሉሃል ቢለው እንኳ አልተመለሰም፤ ለቁስለኞች መድኃኒት ፍለጋ በሚል ሰበብ ሄደ። ኋላ ከጌጅ ቤት ሲወጣ ያየው ሰው ተገኘ። ገንዘብ ያልነበረው ሐኪም በድንገት በመቶዎች የሚቆጠር አዲስ የእንግሊዝ ጊኒ እንደያዘም ከእሱ ጋር ይኖር የነበረ ተማሪ ተናግሯል። ሁሉም የሚስብ ነው፤ ግን ነገሩ ካለፈ ከ20 ዓመት በላይ ቆይቶ፣ ሰውየው ከሃዲ ተብሎ ካለቀለት በኋላ የተጻፈ ነው። ለፍንጭ እንጂ ለፍርድ አይሆንም።

የሚፈርደው ክሌመንትስ ያለው ነው። የጄኔራል ጌጅ ወረቀቶች ከእንግሊዝ ወደ ሚሺጋን የመጡት በ20ኛው ክፍለ ዘመን ነው፤ ከ1930ዎቹ ጀምሮ ተመራማሪዎች ሲያገላብጧቸው ከአማፅያኑ ጓዳ በ1775 የወጡ የስለላ ሪፖርቶች ተገኙ። በሜይ መጨረሻ የተጻፈው አንዱ፣ ጸሐፊው ሳይወድ ደብዳቤ ይዞ ወደ ፊላደልፊያ እንዲሄድ መታዘዙንና ለጥቂት ጊዜ መጻፍ እንደማይችል ለጌጅ ያሳውቃል። በዚያ ሰሞን ከማሳቹሴትስ ወደ ፊላደልፊያ የተላከው መልእክተኛ ቸርች ነው። ፊርማ አያስፈልገውም። ዋሽንግተንና ጄኔራሎቹ ይህን አላዩም፤ በአንድ ደብዳቤ ብቻ ነው የፈረዱት። የክሌመንትስ አገልግሎት ግን ለጀማሪ አይመችም። የስለላ ደብዳቤዎች በሚል ያዘጋጁት የድረ ገጽ ዐውደ ርእይ ለመግቢያ ጥሩ ነው፤ በማይታይ ቀለም መጻፍንና ቀዳዳ ባለው ወረቀት ሸፍኖ ማንበብን በምሳሌ ያሳያል። ወደ ጌጅ ወረቀቶች ራሳቸው ስትገቡ ግን መፈለጊያችሁ ቀን ነው። በቸርች ስም ብቻ አትፈልጉ፤ ሰላይ ስሙን አይጽፍምና ስም የሌላቸውን የ1775 ደብዳቤዎች በየወሩ ማገላበጥ ይጠይቃል።

የኮንግረሱን መጽሔተ ጉባኤ ለሚፈልግ ኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት በነጻ አስቀምጦታል። የሁለት ቀን ውሎ ማንበብ ይበቃል። የጁላይ 27ቱ የሆስፒታሉን መዋቅር ይሰጣል፦ ለ20,000 ሰው ሠራዊት አንድ ዳይሬክተር በቀን 4 ዶላር፣ 4 ቀዶ ሐኪሞች፣ 20 ረዳቶች፣ አንድ መድኃኒት ቀማሚ፣ ለ10 ሕመምተኛ አንድ አስታማሚ። ከስለላው በፊት ቸርችን ከየክፍለ ጦሩ ሐኪሞች ጋር ያጣላው ሥልጣን ምን ያህል እንደነበር ከዚህ ይገባችኋል። የኖቬምበር መጀመሪያው ደግሞ የእስሩን ትእዛዝ ይዟል፦ ኮነቲከት ውስጥ በተጠበቀ ወህኒ ይታሰር፣ ብዕር፣ ቀለምና ወረቀት አይሰጠው፣ ሰው ቢያነጋግረው ሹም በሚሰማበትና በእንግሊዝኛ ብቻ ይሁን። ኖርዊች ታሰረ፤ በ1776 ጤናው ታውኮ ወደ ማሳቹሴትስ ተመለሰ፤ በ1778 ወደ ማርቲኒክ በምትሄድ ትንሽ መርከብ ተሳፈረ፤ ከዚያ ወዲያ መርከቧም እሱም አልተሰሙም።

መበለቱ ለንደን ገብታ ከእንግሊዝ መንግሥት በዓመት 150 ፓውንድ ጡረታ ተቆርጦላታል። የዚህ ዓይነት የንጉሡ ታማኞች ማመልከቻዎች ለንደን ኪዩ በሚባለው ሰፈር ባለው የእንግሊዝ ብሔራዊ ቤተ መዛግብት፣ ኤ-ኦ 12 እና ኤ-ኦ 13 በሚባሉት ተከታታዮች ውስጥ ይገኛሉ፤ ከአራቱ ነጻ አገልግሎቶች አንዱም አይሸፍናቸውም። በኢንተርኔት የሚቀርቡት በዘር ሐረግ ድረ ገጾች በክፍያ ነው። ኪዩ በአካል ለሚሄድ ግን የአንባቢ ካርዱም በራስ ካሜራ ማንሳቱም በነጻ ነው፤ መታወቂያና የመኖሪያ አድራሻ ማስረጃ ያዙ፣ ፍላሹን አጥፉ።